የተረፉት አምስት ቀኖች

አንባቢዎቼ ሆይ፤ ሰው በሐሳቡ አዲስ ዓለም ልፍጠር ብሎ ሲነሣ ከሁሉ በፊት የሚቸገረው በምን ይመስላችኋል? ተራራ ማቆም ቀላል ነው። ወንዝ ማፍሰስም ቀላል ነው። ንጉሥ ማንገሥማ ከሁሉም ይቀላል። አስቸጋሪው፣ በዚያ ዓለም የሚኖር ሰው «ዛሬ ቀኑ ስንት ነው?» ብሎ ሲጠይቅ የሚሰጠው መልስ ነው። ይህንንም የተማርኩት ከእኅቴ ቤት ነው።

ነሐሴ ሊያልቅ ጥቂት ቀን ሲቀረው እኅቴን ልጠይቅ ብዬ ወደ ሸነን ወረድኩ። ሸነን በምዕራብ ሸዋ፣ በጅባት ወረዳ የምትገኝ ከተማ ናት። ክረምቱ ገና አልወጣም ነበርና መንገዱ ጭቃ፣ ተራራውም ጉም የለበሰ ነበር። እግሬን ታጥቤ ከእሳቱ ዳር ተቀምጬ ቡናው ሲፈላ፣ የ11ኛ ክፍል ተማሪ የሆነው የእኅቴ ልጅ አንድ ደብተር ይዞ መጣና፣ «ጋሼ፣ እስቲ ይህን ይዩልኝ» አለኝ።

ልጁ ልብ ወለድ እየጻፈ ኖሯል። አገሩን ፈጥሯል፤ ለአገሩም የዘመን አቆጣጠር አበጅቷል። ዓመቱ 10 ወር፣ ወሩ 36 ቀን፣ ሳምንቱ 9 ቀን ነው። ወሮቹን ዋርካ፣ ዝግባ፣ ጥድ፣ ብሳና እያለ በዛፍ ስም ሰይሟቸዋል። ሥራው በጣም ደስ አሰኘኝ። ነገር ግን 10 ወር በ36 ቀን ሲባዛ 360 ነውና፣ «የቀሩት አምስት ቀኖችስ የት ገቡ?» አልኩት።

«እነሱ ከቁጥር ውጭ ናቸው፤ የትም አይገቡም» ብሎ መለሰልኝ።

እንግዲህ የነገሩ ሁሉ ቋጠሮ እዚህ ላይ ነው። ምድር ፀሐይን አንድ ጊዜ ለመዞር 365 ቀን ከሩብ ያህል ይፈጅባታል። ይህ ቁጥር ለወርም ለሳምንትም በእኩል አይከፈልም፤ ሁልጊዜ የሚተርፍ አለ። ስለዚህ የአንድን ሕዝብ አቆጣጠር ለማወቅ የፈለገ ሰው፣ «የተረፉትን ቀኖች ምን አደረጓቸው?» ብሎ ቢጠይቅ ይበቃዋል።

የጥንት ግብፃውያን 12 ወሮችን እያንዳንዳቸውን 30 ቀን አድርገው፣ አምስቱን ከመጨረሻ አስቀመጡ። የእኛም አቆጣጠር ከዚያው ቤት የመጣ ነው። ጳጉሜን የሚለውም ስም ከግሪክ የተወሰደ ሲሆን ትርጉሙ «የተጨመረች» ማለት ነው። በየ4 ዓመቱ፣ በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ፣ 6 ቀን ትሆናለች። በሸነን በኦሮምኛ «ቃሜ» ይሏታል።

የኦሮሞ ወገን የሆኑት፣ ከዚህ ርቀው በደቡብ የሚኖሩት ቦረናዎች ግን ሌላ ብልሃት አላቸው። «አያንቱ» የሚባሉት ሊቃውንት ዘመንን የሚቆጥሩት በጨረቃና በከዋክብት ነው። ለቀኖች 27 ስሞች አሏቸው፤ የጨረቃ ወር ግን 29 ወይም 30 ቀን ነው። 27ቱ ስሞች ሲያልቁ ወሩ ገና 2 ወይም 3 ቀን ይቀረዋል። ያን ጊዜ ስሞቹ እንደገና ከመጀመሪያው ይነሣሉ፤ አዲሱ ወር ሲብትም ከደረሱበት ይቀጥላሉ እንጂ ወደ ኋላ አይመለሱም። የተረፈውን አልጣሉትም፤ ወደሚመጣው ወር አሻገሩት።

በፈረንሳይ አገር አብዮተኞቹ በ1793 እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር አሮጌውን ካላንደር ሽረው አዲስ አወጡ። 12 ወር፣ እያንዳንዱ 30 ቀን፣ በመጨረሻም 5 ወይም 6 የበዓል ቀኖች፤ መልኩ ከእኛው ጋር መንትያ ነበር። ዳሩ ግን ሳምንቱን 10 ቀን አደረጉት። በ7 ቀን አንዴ ያርፍ የነበረ ሠራተኛ በ10 ቀን አንዴ ማረፍ ግዴታው ሆነ። ገበያውና ቤተ ክርስቲያኑም ከሕዝቡ ልማድ ጋር ተጣሉ። በ1806 መባቻ ናፖሌዎን ሻረው።

እንደ እኅቴ ልጅ ዓለም የፈጠሩም አሉ። እንግሊዛዊው ደራሲ ቶልኪን «የቀለበቶቹ ጌታ» ለተባለው መጽሐፉ በ1955 እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር ባሳተመው ተጨማሪ ክፍል፣ ሆቢት ለሚባሉት ድንክ ሕዝቦቹ ሙሉ አቆጣጠር ሠርቶላቸዋል። እዚያም 12 ወር በ30 ቀን ነው። አምስቱን ቀኖች ግን ሁለቱን በዓመት መለወጫ፣ ሦስቱን በዓመቱ አጋማሽ አድርጎ፣ የመብልና የደስታ በዓል አደረጋቸው። ከአምስቱም አንዷ ከሳምንቱ ስም ውጭ ስለሆነች ወርና ቀን በየዓመቱ ሳይዛነፉ ይገጥማሉ። ከዚህም የተነሣ አንድም ወር በዓርብ አይጀምርም። ሆቢቶቹ የማይመጣ ቀን ለማለት «ዓርብ በወሩ 1 ቀን» እያሉ ይቀልዳሉ።

እኔ ይህን ሁሉ በኩራት ስተርክ እኅቴ ስኒ እያጠበች ዝም ብላ ታዳምጥ ነበር። እኅቴ በአንድ ምግብ ቤት እንጀራ ጋጋሪ ናት፤ ደመወዟም በወር ነው። በኋላ ቀና ብላ፣

«ወንድም ጋሼ፣ እኔስ የምጠይቀው ሌላ ነው። በዚህ ልጅ አገር በነዚያ አምስት ቀኖች ሰው ይበላል ወይ?» አለችኝ።

ነገሩ ቶሎ አልገባኝም ነበር። እሷም አስረዳችኝ። የወር ደመወዝ በዓመት 12 ጊዜ ነው፤ ለጳጉሜን የሚከፈል የለም። እንጀራው ግን በጳጉሜንም ይጋገራል፤ ሆድም በጳጉሜን አያርፍም። የነሐሴው ደመወዝ የዘመን መለወጫውን ዶሮና ቅቤ፣ የልጁን ደብተርና ጫማ አይቶ እስከ መስከረም መጨረሻ ሊደርስ ነው።

እኔም ለመከላከል ያህል፣ «ለጳጉሜንም እኮ የቤት ኪራይ አይጠየቅም» አልኳት።

«ቤቱስ የራሳችን ነው፤ ሆዳችንን ማን ይከራይልን?» አለችኝ።

ሁላችንም ሳቅን። ልጁ ግን ከሳቁ በኋላ ዝም አለ። አንድ ሰው ቀኖችን «ከቁጥር ውጭ» ሲል፣ በነዚያ ቀኖች የሚሠራውንም ሰው ከቁጥር ውጭ ማድረጉ እንደ ሆነ ገባው መሰለኝ። በሐሳብ ዓለም አምስት ቀን በወረቀት ላይ ይሰረዛል፤ በሸነን ግን ከአንዲት እናት ጓዳ ይሰረዛል።

ማታ ደብተሩን አምጥቶ አሳየኝ። የዘጠኝ ቀኑን ሳምንት አልነካውም፤ ብቻ በመካከሉ አንድ የገበያ ቀን ጨምሮበታል። ከአምስቱ ቀኖች ጎን ግን እንዲህ ሲል ጽፏል፤ «በእነዚህ ቀኖች ዕዳ አይጠየቅም። የሠራ ሁሉ በዕለቱ ይከፈለዋል።»

እናቱ እያነበበላት ሰማችና ራሷን ነቀነቀች። ከዚያም፣ «በአራተኛው ዓመት ስድስተኛዋን እንዳትረሳ» አለችው።

አንባቢዎቼ ሆይ፤ ጳጉሜን አጭር ናት፤ ቶሎ ትመጣለች፤ ቶሎም ትሄዳለች። ልጆች በሩፋኤል ዝናብ እየታጠቡ ሲደሰቱ እናንተም ዘመድ ስትጠይቁ ታልፋለች። ነገር ግን በቤታችሁ ወይም በመሥሪያ ቤታችሁ በወር ደመወዝ የሚያገለግላችሁ ሰው ካለ፣ ነሐሴ 30 ቀን ማታ ሒሳባችሁን ስትዘጉ እነዚያን አምስት ቀኖች የት እንዳደረጋችኋቸው አንድ ጊዜ ተመልከቱ።