ከፊቱ የሚቆምለት ማን ነው?



ባለፈው ክረምት አሜሪካ፣ ሜሪላንድ የምትኖረው ታናሽ እህቴ ዘንድ ሰንብቼ ነበር። ገና ሻንጣዬን ሳልከፍት እጄን ይዛ ወደ ጓዳ አስገባችኝና በሹክሹክታ፣ «እትዬ፣ ልጄ ኮምፒውተር ላይ አጋንንት ይጠራል፤ እባክሽ ጸልዪለት» አለችኝ። ልጁ አሥራ አምስት ዓመቱ ነው። ከአዲስ አበባ ከሄደ ገና ሁለት ዓመቱ ነበር። አባትየው ሁለት ጊዜ ገመዱን ነቅሎበታል። ከዚያ ወዲህ ራቱን የሚበላው ክፍሉ ውስጥ ነው፤ የቅዳሜውን የወጣቶች ፕሮግራምም ትቷል።

ጸለይኩ። ከጸለይኩ በኋላ ግን በሩን አንኳኩቼ፣ «እስቲ የምትጫወተውን አሳየኝ» አልኩት። በመጀመሪያ እናቱ የላከችኝ ሰላይ መስዬው ነበር። ቆይቶ ወንበር ሳበልኝ። ሦስት ምሽት እርሱ አስተማሪ፣ እኔ ተማሪ ሆንን። ከእናንተም መካከል ይኸው ጥያቄ ከተዘጋ በር ጀርባ ያለባችሁ ብዙዎች እንደሆናችሁ ስለማውቅ የተማርኩትን ላካፍላችሁ።

የቱን ልጥራ?

ጨዋታው ወርልድ ኦቭ ዋርክራፍት ይባላል። ብሊዛርድ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በኅዳር 2004 ያወጣው ሲሆን፣ የቀድሞውን መልክ ደግሞ በ2019 «ክላሲክ» ብሎ መልሶ ከፍቶታል። የእህቴ ልጅ የሚጫወተው ይህንኑ ክላሲክ ነው። ተጫዋቾች ከያሉበት በኢንተርኔት ወደ አንድ ዓለም ይገቡና እያንዳንዱ ሙያ ይመርጣል። አንዱ ተዋጊ፣ አንዱ ፈዋሽ፣ አንዱ አዳኝ ይሆናል። የእኛ ልጅ የመረጠው «ዋርሎክ» የሚባለውን፣ አስማተኛውን ነው። ዋርሎክ ብቻውን አይሄድም፤ የሚያገለግለውን ፍጡር ይጠራል። ነገር ግን በአንድ ጊዜ ከአንድ በላይ ማስከተል ስለማይችል መምረጥ አለበት።

የሚመርጠው ከአራት ነው። የመጀመሪያው ኢምፕ ትንሽና ደካማ ነው፤ ከሩቅ እሳት ይወረውራል፣ አብረውት ላሉ ጓደኞች ደግሞ ጉልበት ይጨምራል። ስለዚህ በቡድን ለሚጫወት ይጠቅማል። በ10ኛው ደረጃ የሚገኘው ቮይድዎከር ግዙፍ ጥላ ነው። ብዙም አይጎዳም፣ ግን ጠላትን ወደ ራሱ ስቦ በጌታው ፋንታ ይመታል። በ20ኛው የምትገኘው ሰኩበስ በሴት አምሳል የተሣለች ናት፤ ኃይለኛ ትመታለች፣ ሰው መሰል ጠላትንም አማልላ ታፈዛለች። አለባበሷ ለዓይን አይበጅም። በ30ኛው የሚገኘው ፌልሃንተር አውሬ መሰል ሲሆን የሌላውን አስማተኛ አፍ ይዘጋል፣ ድግምቱንም ይበላል።

«ታዲያ የቱ ይሻላል?» ብዬ ጠየቅሁት።

«አክስቴ፣ እንደዚያ አይጠየቅም» አለኝ። «የሚጠየቀው ‹ዛሬ ምን ልትሠራ ነው? ከማን ጋር ነህ?› ተብሎ ነው።»

መልሱን ወደድኩት። ቀጥዬም፣ «አንተስ የትኛውን ነው የምትጠራው?» አልኩት። ሁልጊዜ ቮይድዎከርን እንደሆነ ነገረኝ። ለምን?

ዓይኑን ከስክሪኑ ሳያነሣ፣ «ብቻዬን ነኛ። ከፊቴ የሚቆም ሌላ የለም» አለኝ።

ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። እህቴ የፍጡሩን ስም ሰምታ ደንግጣ ነበር፤ እኔን ያስደነገጠኝ ግን ምክንያቱ ነው። በትምህርት ቤት የምሳ ሰዓት አብሮት የሚቀመጥ አልነበረም። አባቱ ሌሊት ይሠራል፣ እናቱ ቀን ትሠራለች። ልጁ ስለ ጨዋታው የነገረኝ መስሎት ስለ ሕይወቱ ነገረኝ።

ስሙስ? ኅሊናስ?

አሁን አንዳንዶቻችሁ፣ «እህታችን፣ ለአጋንንት ጥሪ ጥብቅና ቆምሽ እንዴ?» ትሉኝ ይሆናል። አልቆምኩም። ዘዳግም 18 ሙታን ሳቢንና አስማተኛን ምን ያህል እንደሚያወግዝ እናውቃለን። ሳኦል በ1ኛ ሳሙኤል 28 ሌሊት ተደብቆ ወዴት እንደሄደ አንብበናል። በሐዋርያት ሥራ 19 የኤፌሶን አማኞች ያቃጠሉት የአስማት መጽሐፍ ዋጋው ተቆጥሮ አምሳ ሺህ ብር ሆኖ ነበር።

ነገር ግን እውነትን እንናገር። ይህ ልጅ ከመንፈስ ኃይል ወይም ምክር አልለመነም። ስክሪኑ ላይ ያለው ሥዕልና ስሌት ነው። «ጠንቋይ ሆነሃል» ብንለው እንዳልሆነ እርሱ ያውቃል፤ በዚህ ካላመነን ነገ እውነተኛውን አደጋ ስንነግረውም አያምነንም።

በሌላ በኩል ደግሞ የተፈቀደ ሁሉ እንደማያንጽ ጳውሎስ በ1ኛ ቆሮንቶስ 10 ያስተምረናል። በዚህ ጨዋታ ከኢምፕ በቀር ሌሎቹን ለመጥራት ከሚሞት ጠላት የነፍስ ስባሪ መውሰድ ያስፈልጋል። ይህን ሲያስረዳኝ ራሱ ድምፁን ዝቅ አደረገ። እኔም የማስበውን ሳልደብቅ ነገርኩት። «ለልጆቼ ይህን አልመርጥላቸውም። ከስክሪኑ ጋኔን ይወጣል ብዬ አይደለም፤ ዕለት ዕለት የምንጫወትበት ነገር በልባችን ክብደቱ ስለሚቀልል ነው። ስለ ሴቲቱ ግን እኔ ሳልሆን የገዛ ኅሊናህ ይመልስልህ» አልኩት።

አንድ ነገር ግን እርሱ አያውቅም ነበር። የአባቱ እናት ጌታን ከማግኘቷ በፊት ለብዙ ዓመታት በዛር መንፈስ ተይዛ ኖራለች። አባቱ በልጅነቱ ያንን ጭስ አሽትቷል፤ እናቱ በማታውቀው ድምፅ ስትናገር ከበር ኋላ ቆሞ አልቅሷል። ገመዱን የነቀለው ለዚህ ነው። ነገር ግን ለልጁ አንድም ቀን አልነገረውም። በሦስተኛው ምሽት፣ «ወንድሜ፣ ቁጣህን ያየ ልጅ ቁስልህንም ይይ እንጂ» አልኩት። ከሥራ ቀርቶ ነገረው። በሩ ተዘግቶ ስለነበር የተባባሉትን አልሰማሁም። ራት ላይ ግን ሦስቱም በአንድ ገበታ ተቀመጡ።

ሌላ ምርጫ

ልጁ ራሱ አንድ ሐሳብ አመጣ። በዚሁ ጨዋታ «ሃንተር» የሚባል አዳኝ አለ። ከ10ኛው ደረጃ ጀምሮ የዱር አውሬ ያላምዳል። ድብ ድብደባ ይችላል፤ ከፊት ለማቆም የሚመረጠው እርሱ ነው። የድመት ወገን የሆነው ደግሞ ጉዳቱ ይበረታል። ደስ ያለኝ ግን ሌላ ነው። በክላሲክ አውሬው መመገብ አለበት፤ ባለቤቱ ከረሳው ያኮርፋል፣ ኃይሉ ይቀንሳል፣ ችላ ከተባለም ጥሎ ይሄዳል። ይህን ስሰማ እህቴን አየኋት፤ እርሷም አየችኝ።

በመጀመሪያ ያላመደው ድብ ነበር፤ ምክንያቱን እናንተም ታውቁታላችሁ። ከተመለስኩ ከሁለት ወር በኋላ ደውሎ ነብር መሰል አውሬ እንደያዘ ነገረኝ። «ድቡስ?» አልኩት። «አሁን አያስፈልገኝም፤ ከቸርች አንድ ልጅ ተዋጊ ሆኖ አብሮኝ ይጫወታል። ከፊት የሚቆመው እርሱ ነው» አለኝ። ቅዳሜም አብረው ይሄዳሉ። ዋርሎኩን ገና አላጠፋውም። እናቱም ገና ትጸልያለች። እኔም።

ለወላጆችና ለባለትዳሮች

የልጃችሁ ጨዋታ ይህ ላይሆን ይችላል፤ በብዙዎቹ ግን የሚጠራ ረዳት አለ። እንግዲህ እንዲህ አድርጉ፦

ከመፍረዳችሁ በፊት ወንበር ስባችሁ ተቀመጡ። «ይህ ምንድን ነው?» ብቻ ሳይሆን «ለምን ይህን መረጥህ?» በሉ።

ረዳቱን በሦስት ጥያቄ አብራችሁ መዝኑ፦ ሥራው ምንድን ነው? ስሙና መልኩ በኅሊናችን ላይ ምን ያደርጋል? ስንት ሰዓት ይወስዳል?

እንዲህ ያለው የኢንተርኔት ጨዋታ እንደ ፊልም ለአፍታ አይቆምም። በክላሲክ እስከ አርባ ሰው በቀጠሮ የሚዘምትበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ሰዓቱን አስቀድማችሁ ተስማሙ እንጂ በመካከል ገመድ አትንቀሉ።

እህቴ ሆይ፣ የሚጫወተው ባልሽ ከሆነም ይኸው ነው። ወንድሜ ሆይ፣ አንተ ደግሞ ስክሪኑ ላይ ያለውን ሳትረሳ እየመገብህ፣ ከአጠገብህ ያለችው እንዳታኮርፍ ተጠንቀቅ።

ዛሬ ማታ አልጋ ላይ ሳላችሁ እርስ በርስ ተጠያየቁ፦ በዚህ ቤት ብቻውን የሚዋጋ ማን ነው? ከፊቱስ ማን ይቆምለታል? በእኛ ፋንታ የቆመልን ጌታ መልሱን ያሳያችሁ።

እስከሚቀጥለው እትም ጸጋው ይብዛላችሁ።