ፔሪም ደሴት ለሁለት የከፈለችው የባህር በር

ቀይ ባህርን ከኤደን ባህረ ሰላጤ ጋር የሚያገናኘው የባብ ኤል ማንደብ ሰርጥ በካርታ ላይ ሲታይ አንድ መተላለፊያ ይመስላል። በተግባር ግን ሁለት ነው። ከየመን ጠረፍ ፊት ለፊት የምትገኘውና የአገሩ ሰዎች ማዩን የሚሏት የፔሪም ደሴት ሰርጡን እኩል ባልሆኑ ሁለት መስመሮች ትከፍለዋለች።

በደሴቲቱና በየመን የብስ መካከል ያለው ምስራቃዊ መስመር ስፋቱ ሦስት ኪሎ ሜትር፣ ጥልቀቱ ደግሞ 30 ሜትር ገደማ ነው። በምዕራብ እስከ ጅቡቲ ዳርቻ የሚዘልቀው መስመር በአንጻሩ 25 ኪሎ ሜትር ያህል የሚሰፋ ሲሆን፣ ጥልቀቱም 300 ሜትር ይደርሳል። ታላላቅ የጭነትና የነዳጅ መርከቦች የሚጓዙት በዚሁ በሰፊው በኩል ነው።

13 ስኩዌር ኪሎ ሜትር የማትበልጠው ደሴት የሚጠጣ ውሃ እንኳ የላትም። ይሁንና እንግሊዝ እ.ኤ.አ በ1857 ይዛት እስከ 1967 አልለቀቀቻትም። የስዊዝ ቦይ በ1869 ከተከፈተ በኋላም ከ1883 እስከ 1936 ድረስ የመርከቦች የድንጋይ ከሰል መሙያ ጣቢያ ሆና አገልግላለች። የሁቲ ታጣቂዎች በ2015 ተቆጣጥረዋት የነበረ ቢሆንም በዚያው ዓመት የሳዑዲ መራሹ ጥምር ኃይል አስለቅቋታል።

ደሴቲቱን መያዝ ግን ሰርጡን መጠበቅ ማለት እንዳልሆነ ከኖቬምበር 2023 ወዲህ የደረሱት ጥቃቶች አሳይተዋል። ቀድሞ መርከበኞችን ያሰጋቸው ጥበቱና የውሃው ሞገድ ነበር፤ ከየብስ ለሚወነጨፍ ሚሳይል ግን የሦስት ኪሎ ሜትሩም ሆነ የ25 ኪሎ ሜትሩ መስመር ልዩነት የለውም። ወደ 21 ሺህ ቶን ማዳበሪያ የጫነችው ሩቢማር የተሰኘች መርከብ በፌብሩዋሪ 2024 በሰርጡ አቅራቢያ ተመትታ በማርች መጀመሪያ ሰጥማለች። በዚያው ዓመት በርካታ የመርከብ ኩባንያዎች ሰርጡን ትተው አፍሪካን በደቡብ መዞርን መርጠዋል።

ለኢትዮጵያ ጉዳዩ የሚመዘነው በጅቡቲ ወደብ አቀማመጥ ነው። ወደቡ ከሰርጡ በስተደቡብ የሚገኝ በመሆኑ ከቻይናና ከህንድ የሚመጣ ዕቃ በባብ ኤል ማንደብ ማለፍ አያስፈልገውም። ችግሩ በሌላው አቅጣጫ ነው። ወደ ጀርመን የሚላከው ቡና፣ ከጥቁር ባህር የሚመጣው ስንዴ፣ ከሞሮኮ የሚገዛው ማዳበሪያ ሁሉ አጭሩ መንገዳቸው በዚሁ በር በኩል ነው።

ከሲንጋፖር ወደ ሮተርዳም ለሚሄድ መርከብ አፍሪካን መዞር ጉዞውን በ40 በመቶ ገደማ ያስረዝመዋል። ከጅቡቲ ወደ ሃምቡርግ ለሚሄደው ግን መንገዱ ከእጥፍ በላይ ይሆናል። ለሰርጡ በጣም ቅርብ የሆነ ወደብ ሰርጡ ሲታወክ ወደ አውሮፓ በሚያደርገው ጉዞ ከሩቁ ወደብ ይልቅ የሚጎዳው በዚህ ምክንያት ነው።