በመኪናው ዓለም ያለ፥ በመንገዱ ዓለም የሌለ ኃይል

የልብ ወለድ ደራስያን ከሚወዷቸው አሳቦች አንዱ ጎን ለጎን የሚኖሩ ሁለት ዓለማት ነገር ነው። አንደኛው ይህ የእኛው ዓለም ነው፤ ሁለተኛውም እርሱን መስሎ፥ ለዓይን ሳይታይ አጠገባችን ይኖራል። አንድ ቀን ሁለቱ ይጋጩና ከዚያ በፊት ያልነበረ፥ ስም ያልወጣለት ኃይል ይወለዳል። ሰውን ከመቀመጫው ያነሣል፤ ዕቃውንም ወዲያና ወዲህ ይወረውራል። ተማሪዎቼ እንዲህ ያለውን ታሪክ በመጽሐፍ ወይም በፊልም ባገኙት ቁጥር «መምህር፥ ይህ ነገር በእውነት አለ ወይ?» ብለው ይጠይቁኛል።

መልሱ ሁለት ክፍል አለው። ስለ ብዙ ዓለማት በሳይንስ ቋንቋ መናገር የተጀመረው አሜሪካዊው ሂው ኤቨረት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1957 ካወጣው ጽሑፍ ወዲህ ነው። ይሁን እንጂ በዚህ አሳብ መሠረት ዓለማቱ በየመንገዳቸው ይለያያሉ እንጂ እንደ ሁለት ወይፈን አይዋጉም። ከግጭታቸው የሚወለድ ኃይልም እስከ ዛሬ በማናቸውም መለኪያ አልታየም።

ሁለተኛው ክፍል ግን የሚያስደንቅ ነው። በአንድ ዓለም ውስጥ ያለ፥ በሌላው ግን ጨርሶ የማይገኝ ኃይል አለ። እርሱን ለማግኘት ከሆሳዕና ወደ ዱራሜ በሚሄድ ሚኒባስ መሳፈር ይበቃል።

እስቲ ሁለቱን ዓለማት እንለያቸው። አንደኛው የመኪናው ዓለም ነው፤ በውስጡ ወንበሩ፥ ተሳፋሪው፥ ከወንበር ሥር የተሸጎጠው ቆጮ አለ። ሁለተኛው የመንገዱ ዓለም ነው፤ እንሰቱ፥ ባሕር ዛፉ፥ በስተ ማዶ የሚታየው የአምባሪቾ ተራራ በዚህ ውስጥ ናቸው። መኪናው በቀጥተኛ መንገድ በእኩል ፍጥነት ሲሄድ ሁለቱ በሰላም ይኖራሉ። ሎሚ ወደ ላይ ብትወረውሩ ተመልሶ ከእጃችሁ ያርፋል። ጣሊያናዊው ጋሊሊዮ ይህንኑ በ1632 ባሳተመው መጽሐፍ በመርከብ ምሳሌ አስረድቶታል።

ሾፌሩ ድንገት ፍሬን ሲይዝ ግን ሁለቱ ዓለማት ይጣላሉ። ተሳፋሪው «አንድ ነገር ወደ ፊት ገፋኝ» ይላል። ማን ገፋው? ከኋላው ያሉት እናት እጃቸውን አጣምረው ተቀምጠዋል። መንገድ ዳር የቆመው ሰው ግን ሌላ ነገር ይመለከታል። መኪናው ቆመ፤ ተሳፋሪው በነበረበት ፍጥነት መሄዱን ቀጠለ፤ የገፋው የለም። እንግሊዛዊው ኒውተን በ1687 እንዳስተማረው ገፊ ሁሉ በተራው ይገፋል፤ የዚህን ኃይል ገፊ ግን ብንፈልግ አናገኘውም። ስለዚህ ሊቃውንት «ምናባዊ ኃይል» ብለውታል። የሚወለደውም ዓለማችን ፍጥነቱን ወይም አቅጣጫውን ሲለውጥ፥ እኛ ግን እንደ ቆመ አድርገን ስንቈጥረው ነው።

ይህ በመኪና ብቻ የሚሆን አይምሰላችሁ፤ ምድራችንም የምትዞር ተሽከርካሪ ናት። ፈረንሳዊው ፉኮ በ1851 በፓሪስ ከረጅም ሽቦ ላይ ከባድ ኳስ አንጠልጥሎ ቢያወዛውዘው፥ የሚወዛወዝበት መስመር ማንም ሳይነካው ቀስ እያለ ዞረ። በእርግጥ የዞረችው ከሥሩ ያለችው ምድር ነበረች። በፓሪስ አንዱን ዙር ለመፈጸም 32 ሰዓት ያህል ይፈጃል። ለምድር ወገብ በቀረበችው በሆሳዕና ቢሰቀል ግን ሰባት ቀን ተኩል ያህል ይወስዳል።

እንግዲህ «ምናባዊ ከሆነ ምን ይጎዳናል?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ጉዳዩ እዚህ ላይ ነው! ስሙ ምናባዊ ይሁን እንጂ የሚሰብረው አጥንት እውነተኛ ነው። እስቲ ወረቀትና እርሳስ አንሡ። መኪና በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር ሲሄድ ተጋጭቶ በሰከንድ አንድ አሥረኛ ውስጥ ቢቆም፥ 10 ኪሎ የሚመዝን ሕፃን ያቀፈች እናት ልጇን ለመያዝ 170 ኪሎ የሚያህል ክብደት የሚያነሣ ክንድ ያስፈልጋታል። የእናት ፍቅር ታላቅ ነው፤ ክንዷ ግን ይህን አይችልም።

ጠመዝማዛውንም መንገድ እንመልከት። 50 ሜትር የክብ ስፋት ባለው፥ ማለት ከመካከሉ እስከ ጠርዙ 50 ሜትር በሆነ ኩርባ ላይ መኪናው በሰዓት 54 ኪሎ ሜትር ቢታጠፍ፥ 60 ኪሎ የሚመዝነው ተሳፋሪ 27 ኪሎ በሚያህል ኃይል ወደ ውጭ የተገፋ ይመስለዋል። ፍጥነቱ በግማሽ ቢቀነስ ኃይሉ በግማሽ ሳይሆን ወደ ሩብ ይወርዳል፤ 7 ኪሎ እንኳ አይሞላም። በጣራ ላይ የተቈለለ ጭነትም በኩርባ ላይ መኪናውን ለመገልበጥ የሚያግዘው በዚሁ ሕግ ነው።

ይህን የምጽፈው ፈተና ለማለፍ ብቻ እንዲያገለግላችሁ አይደለም። ተማሪው ለዕረፍት ወደ ቤተ ሰቡ፥ ወጣቱ የመንግሥት ሠራተኛ ለመስክ ሥራ ከወረዳ ወደ ወረዳ ይጓዛል። ሾፌሩ ሲያበር ተሳፋሪው ሁሉ በልቡ እየፈራ በአፉ ዝም ይላል፤ «ፈሪ» እንዳይባል ይሠጋልና። የተማረ ሰው ግን የሚፈራውን ነገር ልክ ያውቃል፤ ስለሚያውቅም ሳያፍር «ወንድሜ፥ እባክህ ቀስ በል» ማለት ይገባዋል። አንድ ሰው አፉን ከከፈተ ሌሎቹ እንደሚከተሉት አትጠራጠሩ።

ቀበቶ ባለበት መቀመጫም መኪናው ሳይነሣ እሠሩት። አባቶቻችን «ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» ያሉት ስለ ሚኒባስ ባይሆንም፥ ለሚኒባስ ከዚህ የተሻለ ምክር አይገኝም።