ከፊሽካው በፊት ያለችው ሰዓት፦ የትኬት አየር በአየር ንግድና ከሩቅ የሚመጣው ተመልካች

ባሕር ዳር፦ በፎገራ ሜዳ ቲማቲም የሚያለማ አርሶ አደር ማለዳ ለቅሞ በሳጥን የሞላውን ምርት ይዞ መንገድ ዳር ሲቆም፣ ከደከመበት ጉልበት ይልቅ የቀኑ ሰዓት ዋጋውን ይወስንበታል። ረፋድ ላይ የጠራውን ዋጋ ከሰዓት በኋላ ለመድገም ይቸግረዋል፤ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ የሰጡትን ተቀብሎ ባዶ ሳጥኑን ይዞ ይመለሳል። ደላላው ይህን ስለሚያውቅ አይቸኩልም።

የስታዲየምና የሙዚቃ ድግስ መግቢያ ትኬትም በባሕርይው ከዚሁ ወገን ነው። ዳኛው ፊሽካ እስኪነፋ፣ ድምፃዊው መድረክ ላይ እስኪወጣ ድረስ ዋጋ አለው፤ ከዚያ በኋላ ከተራ ወረቀት አይሻልም። በግብርና ኮሌጅ ሳለን ስለ ድኅረ ምርት ብክነት ስንማር ምሳሌዎቻችን ቲማቲም፣ ሙዝና ወተት ነበሩ። ትኬት ቢጨመርበት ኖሮ ቀድሞ የሚበላሸው እርሱ በሆነ ነበር።

በመጨረሻዋ ሰዓት ከሁለተኛ እጅ የሚገዛ ትኬት ከቅርብ ዓመታት ወዲህ በብዙ ሀገራት መንግሥታትን፣ ክለቦችንና ድምፃውያንን ሲያነጋግር ቆይቷል። ጉዳዩ ለእኛም ባዕድ አይደለም።

ኅዳር 9 ቀን 2012 ዓ.ም የኢትዮጵያ ብሔራዊ ቡድን በባሕር ዳር ስታዲየም ኮትዲቯርን 2 ለ 1 ባሸነፈበት ዕለት የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ የኮሌጅ ተማሪ ነበርሁ። ማክሰኞ ነበር፤ ከክፍል ቀርቼ፣ ከወረዳ ከተማ በሚኒባስ ተሳፍሬ ስደርስ ትኬት በእጄ አልነበረም። በስታዲየሙ ዙሪያ ከሚዞሩት ወጣቶች አንዱ በእጥፍ ዋጋ ጠራልኝ። ጥቂት ተከራክሬ ከፈልሁ፤ ለመመለሻ ከያዝሁት ገንዘብም ተነካ። የባሕር ዳር ልጅ የሆነው የክፍል ጓደኛዬ ግን አልገዛም ብሎ ቆየ። «ካጣሁ ቤቴ ሄጄ በቴሌቪዥን አያለሁ» ነበር ያለው። ጨዋታው ሊጀመር ጥቂት ደቂቃዎች ሲቀሩት በመደበኛው ዋጋ ገዝቶ ገባ። ያን ቀን የተናደድሁት በሻጩ ነበር። ዛሬ ሳስበው ግን ለአንድ ዓይነት ትኬት ሁለት ዋጋ ያስወጣው በእኔና በጓደኛዬ መካከል የነበረው ልዩነት ነው፤ እርሱ ወደ ቤቱ በእግሩ መመለስ ይችላል፣ እኔ ደግሞ አቧራ የለበሰ ጫማዬ ከየት እንደመጣሁ ይናገርብኛል።

ነገሩን በጥናት የመረመሩም አሉ። የምጣኔ ሀብት ተመራማሪው አንድሩ ስዊቲንግ እ.አ.አ በ2012 «ጆርናል ኦፍ ፖሊቲካል ኢኮኖሚ» በተባለው መጽሔት ላይ ባሳተሙት ሥራ፣ የአሜሪካ የቤዝቦል ጨዋታዎች ትኬት በኢንተርኔት ሁለተኛ ገበያ እንዴት እንደሚሸጥ ተከታትለዋል። ሻጮቹ የጨዋታው ቀን እየቀረበ ሲሄድ ዋጋቸውን በ40 በመቶና ከዚያም በላይ እንደሚቀንሱ አሳይተዋል። ምክንያቱ ከፎገራው መንገድ ዳር የተለየ አይደለም፤ ሻጩ በእጁ ያለው ነገር ነገ እንደማይሸጥ ያውቃል።

ታዲያ ዋጋው የሚወርድ ከሆነ ሰው ስለምን ቀድሞ ይገዛል? ቀድሞ የሚገዛ ሰው ከወንበሩ ጋር እርግጠኝነትንም ይገዛል። የአውሮፕላን ትኬት የቆረጠ፣ አልጋ የያዘ፣ ልጆቹን ይዞ የሚመጣ ሰው «ምናልባት ይወርዳል» ብሎ እስከ በሩ ድረስ መጠበቅ አይችልም። ደግሞም የቤዝቦሉን ልምድ እንዳለ ወደ ሌላ መውሰድ ያሳስታል። አንድ የአሜሪካ ቤዝቦል ክለብ በመደበኛው የውድድር ዘመን በሜዳው 81 ጊዜ ይጫወታል፤ የዛሬው ቢያመልጥ የነገው አለ። በዓመት አንዴ የሚመጣ የፍጻሜ ጨዋታ ወይም ከብዙ ዓመት በኋላ ወደ ሀገሩ የተመለሰ ድምፃዊ መድረክ እንዲህ ያለ ምትክ የለውም። ትኬቱ በጥቂት አትራፊዎች እጅ የገባ እንደሆነ ዋጋው እስከ መጨረሻዋ ደቂቃ ላይወርድ፣ እንዲያውም ሊንር ይችላል።

ሌላው ጽንፍ አምና ታይቷል። በአሜሪካ በተካሄደው የክለቦች ዓለም ዋንጫ ቼልሲና ፍሉሚኔንሴ በተገናኙበት የሐምሌ 1 ቀን 2017 ዓ.ም ግማሽ ፍጻሜ፣ 473 ዶላር ከ90 ሳንቲም ይጠየቅበት የነበረው መደበኛ መግቢያ ጨዋታው ሊደረግ ቀናት ሲቀሩት ወደ 13 ዶላር ከ40 ሳንቲም ወረደ። ይህን ያደረገው የመንገድ ላይ ሻጭ ሳይሆን አዘጋጁ ራሱ ነው፤ ከፍላጎት ጋር የሚዋዥቅ ዋጋ የሚባለውን ስልት ስለሚከተል ወንበር ባዶ እንዳይሆንበት ዋጋውን ጣለ። ወር ቀድመው የገዙት ደጋፊዎች ምን እንደተሰማቸው መገመት አያዳግትም። ማዳበሪያን በውድ የገዛ ጎረቤት ዘግይቶ በርካሽ ካገኘው ጎን ሲያርስ የሚሰማው ዓይነት ስሜት ነው።

ለ2026ቱ የዓለም ዋንጫ ደግሞ ፊፋ በመልሶ ሽያጩ ገበያ በቀጥታ ገብቷል። ውድድሩ በአሜሪካ፣ በካናዳና በሜክሲኮ በሚገኙ 16 ከተሞች የሚካሄድ ሲሆን 48 ቡድኖች 104 ጨዋታዎችን ያደርጋሉ። ትኬቱን መልሶ መሸጥ ለሚፈልግ ተመልካች ፊፋ የራሱን ገበያ ከፍቶ ከሻጩም ከገዢውም 15 በመቶ ይወስዳል። በ1 ሺህ ዶላር የተሸጠች አንዲት ትኬት ገዢውን 1 ሺህ 150 ዶላር ታስወጣለች፤ ለሻጩ 850 ዶላር ይደርሰዋል፤ 300 ዶላሩ ለአገናኙ ይቀራል። ትኬቱን መጀመሪያም የሸጠው ፊፋ ነው። በእኛ የእህል ገበያ ከሁለቱም ወገን እንዲህ የሚቀበል ደላላ ቢገኝ የገበያው ሰው ስም ሳያወጣለት አይቀርም።

የቅርብና የሩቅ ልዩነት በዚያም አለ። ብዙ ኢትዮጵያውያን ከሚኖሩባቸው የአሜሪካ ከተሞች መካከል አትላንታ፣ ሲያትል፣ ዳላስና ሎስ አንጀለስ አስተናጋጆች ናቸው። በአትላንታ የሚኖር ወገናችን ከሥራ ሲወጣ ስልኩን ከፍቶ የዕለቱን ዋጋ ሊያይ፣ ካልተስማማው ቤቱ ገብቶ እንጀራውን ሊበላ ይችላል። በዋሽንግተን ዙሪያ ያለው ግን ከተማው አስተናጋጅ ስላልሆነ ወደ ፊላደልፊያ ወይም ወደ ኒው ጀርሲ መጓዝ ይኖርበታል። መንገድ ከጀመረ በኋላ የመጠበቅ አቅሙ ይቀንሳል።

የመደበኛው መስኮት ወረፋም ቢሆን ከዚህ አድልዎ ነጻ ነበር ማለት አይቻልም። ጥቅምት 3 ቀን 2006 ዓ.ም ኢትዮጵያ ከናይጄሪያ ጋር ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ አዲስ አበባ ላይ ስትጫወት፣ ትኬት ፈላጊው ሌሊቱን በወረፋ እንዳደረ ብዙዎች ያስታውሳሉ። ዋጋው ለሁሉም እኩል ነበር። ሌሊቱን ከስታዲየም ደጅ ለማደር የሚችለው ግን ወይ የከተማው ነዋሪ ነው፣ ወይ የሚያሳድረው ዘመድ ያለው ነው። ከገጠር ወይም ከሌላ ከተማ ለመጣው ሰው የመጨረሻው አማራጭ ከሰው እጅ መግዛት ይሆናል።

ሀገራት በሕግ ያደረጉት ሙከራ ይለያያል። አሜሪካ እ.አ.አ በ2016 ባወጣችው ሕግ ሰው መስለው ትኬት በጅምላ የሚያፍሱ የኮምፒዩተር ፕሮግራሞችን ከልክላለች። ይሁን እንጂ በኅዳር 2022 እ.አ.አ የቴይለር ስዊፍት የሙዚቃ ጉዞ ትኬት ለሽያጭ ሲቀርብ የሻጩ ድርጅት ሥርዓት በጥያቄ ብዛት ተጨናንቆ ለሕዝብ የታቀደው አጠቃላይ ሽያጭ እስከ መሰረዝ ደረሰ፤ ጉዳዩም በቀጣዩ ጥር በሴኔቱ ፊት ቀረበ። አየርላንድ በ2021 እ.አ.አ በወጣ ሕግ በታላላቅ ዝግጅቶች ላይ ትኬትን ከመጀመሪያው ዋጋ በላይ መልሶ መሸጥን አግዳለች። የብሪታኒያ መንግሥትም በኅዳር 2025 እ.አ.አ ተመሳሳይ ሕግ እንደሚያወጣ አስታውቋል።

እገዳው ተገቢ ነው የሚሉ አሉ፤ ንግዱን ወደ ጨለማ ይገፋዋል የሚሉም አሉ። በዚህ ጸሐፊ እምነት ሁለት ሻጮችን መለየት ይገባል። ታሞ፣ ሐዘን ገጥሞት ወይም ሥራ ይዞት መሄድ ያልቻለ ሰው ትኬቱን ለሌላ ማስተላለፉ እንደ ጥፋት ሊቆጠርበት አይገባም፤ ወንበሩ ባዶ ከሚቀር ሌላ ቢቀመጥበት ይሻላል። በጓደኞቹ ስም ሃምሳ ትኬት አስቆርጦ በር ላይ የሚጠብቀው ሌላ ነው። በእርሱ ምክንያት የሚጨምረው ዋጋ ለተጫዋቹም፣ ለክለቡም፣ ለድምፃዊውም አይደርስም። አምራቹ ማሳው ላይ የሸጠበት ዋጋና ከተሜው የገዛበት ዋጋ ሳይገናኙ እንደሚቀሩት ሁሉ፣ ልዩነቱ መሐል ላይ ይቀራል።

ለዚህ ከሕግም ከቅጣትም የቀለለ መላ ያገኙ አሉ። በእንግሊዝ የዊምብልደን ሜዳ ቴኒስ ውድድር፣ ቀድሞ የሚወጣ ተመልካች የዋናውን ሜዳ መግቢያውን ይመልሳል፤ አዘጋጁ ከሰዓት በኋላ በውስጥ ለሚጠብቁ ሌሎች ተመልካቾች በጥቂት ፓውንድ መልሶ ይሸጠዋል፤ ገንዘቡም ለበጎ አድራጎት ይውላል። ይህ አሠራር ከ1950ዎቹ ጀምሮ የኖረ ነው። ብዙ ቴክኖሎጂ አይጠይቅም፤ አንዲት መስኮትና ታማኝ ሠራተኛ ይበቁታል።

የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን የሀገራችን ስታዲየሞች መስፈርቱን አላሟሉም ብሎ ከከለከለ በኋላ ብሔራዊ ቡድናችን የሜዳውን ጨዋታዎች ለዓመታት በሰው ሀገር ለማድረግ ተገድዷል። የባሕር ዳር ስታዲየም ወደ ዓለም አቀፍ ጨዋታ ሲመለስ ሣሩ፣ ወንበሩና መልበሻ ክፍሉ እንደሚታሰብበት ሁሉ ትኬቱም ከወዲሁ ሊታሰብበት ይገባል። ከትኬቱ የተወሰነው ድርሻ በዞንና በወረዳ ከተሞች ቢሸጥ ከሩቅ የሚመጣው ሰው ትኬቱን ይዞ መንገድ ይጀምራል። መሄድ ያልቻለ ሰው ትኬቱን በገዛበት ዋጋ የሚመልስበት መስኮት እስከ ጨዋታው ሰዓት ቢከፈት ደግሞ፣ በር ላይ የሚቆመው አትራፊ ገበያው ይቀዘቅዝበታል። ሽያጩ በስልክ ብቻ ይሁን የሚለውን ሐሳብ ግን በጥንቃቄ ማየት ያስፈልጋል፤ ኔትወርክ በሚቆራረጥበት ቀበሌ የሚኖር ሰው ከመስኮቱ ወረፋ ወደ ባሰ ወረፋ እንዳይዛወር።

ታላላቅ በዓላቶቻችን ትኬት አያውቁም። በጎንደር ጥምቀትን፣ በላሊበላ ገናን ለማክበር የሚመጣው ምእመን ወደ በዓሉ ለመግባት አይከፍልም። በእነዚያ ሰሞን የሚንረው የአልጋና የአውቶቡስ ወንበር ዋጋ ነው። በበዓል ዋዜማ መናኸሪያ ቆሞ ከታሪፍ በላይ የከፈለ ሰው ይህን ጽሑፍ ለመረዳት ኮንሰርት መግባት አያስፈልገውም።

እስከዚያው ድረስ ትኬት ከሰው እጅ ለሚገዛ አንባቢ ከዋጋው የሚብሰው ማጭበርበሩ ነው። በስልክ የሚላክ የኪው አር ኮድ ፎቶ ለአንድ ሰውም ለአሥር ሰውም ሊላክ ይችላል፤ በሩ ላይ ያለው መሣሪያ የሚያስገባው ቀድሞ የደረሰውን ብቻ ነው። በቴሌግራም «ሁለት ትኬት አለኝ፣ ቶሎ ላክ» የሚል መልእክት ሲመጣ የሻጩ ጥድፊያ ራሱ ማስጠንቀቂያ ነው። በሞባይል ገንዘብ በፈቃድ የላኩትን ብር ማስመለስ አድካሚ ነው። አዘጋጁ ትኬትን ከአንድ ስም ወደ ሌላ ማዛወሪያ ካለው ዝውውሩ በራስ ስልክ ላይ ከታየ በኋላ መክፈል፣ ከሌለው ደግሞ ከሻጩ ጋር እስከ በሩ አብሮ ሄዶ ትኬቱ ሲያልፍ ገንዘቡን መስጠት ይሻላል። እውነተኛ ትኬት የያዘ ሰው በዚህ አይከፋም።

ከወረዳ የሚመጣው ደግሞ ከቤቱ ሳይወጣ የሚከፍለውን የመጨረሻ ዋጋ ይወስን፤ የመመለሻ ትራንስፖርቱን ገንዘብ ከትኬቱ ገንዘብ ለይቶ በሌላ ኪስ ይያዝ። እኔ ያን ቀን ማታ ከጓደኛዬ አበድሮኝ ነው የተመለስሁት።