የድንበር ፍርድ ሲፈጸም ፖሊስ የሚቆምበት ቦታ

በደባርቅና በዳባት ወረዳዎች፣ ከስሜን ተራሮች ግርጌ በተዳፋቱ ላይ ተሸንሽነው በሚታረሱት ማሳዎች መካከል የሚነሣ የወሰን ክርክር በፍርድ ከተቋጨ በኋላ፣ ፍርዱን ለማስፈጸም ፖሊስ የሚሰጠው እገዛ እስከ ምን ድረስ እንደሆነ የሚጠይቅ ወዳጅ፣ ነገሩን የሚጀምረው ከመጨረሻው ነው፤ «ፍርዱ ከተሰጠ፣ ማኅተሙም ካረፈበት፣ ፖሊስ ሄዶ ድንጋዩን ቢተክል ምን ይጎድላል?» ይላል።

የሚጎድለው ሥልጣን ነው፤ ፖሊስ ወሰን የመለየት ሥልጣን የለውም። አፈጻጸም ማለት ፍርድ በተግባር የሚውልበት ሂደት ሲሆን፣ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ይህን ሂደት የሚመራው ፍርድ ቤት እንዲሆን አድርጓል፤ የረታው ወገን፣ በሕጉ አጠራር የፍርድ ባለመብት፣ በአንቀጽ 378 መሠረት ማመልከቻ ካላቀረበ ግን ፍርዱ መዝገብ ውስጥ ይቀራል። ማመልከቻው ሲቀርብ ችሎቱ ለወረዳው የመሬት ጽሕፈት ቤት ባለሙያ እንዲመድብ፣ ለፖሊስም ጸጥታ እንዲያስከብር ይጽፋል፤ ባለሙያው ይለካል፣ ፖሊሱ ሰው ከሰው እንዳይጋጭ ይቆማል።

«እንግዲያስ ዘበኛ ብቻ ነዋ!» ብሎ ወዳጁ ይሣለቃል። ግማሹ እውነት ነው። ሆኖም መሬቱ ለባለመብቱ ከተመለሰ በኋላ የተረታው ሰው ሞፈሩን ይዞ ዳግም ቢገባ፣ የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ የይዞታ ሁከትን በወንጀል ስለሚቀጣ፣ ፖሊስ ከአጃቢነት ወደ መርማሪነት ይሻገራል።

ዋናው ችግር ግን ከፖሊሱ በፊት የተፈጠረ ነው። በአማራ ክልል ከ1995 ዓ.ም. ጀምሮ ለገበሬው የታደለው የመጀመሪያው የይዞታ ደብተር ካርታ የሌለው ሲሆን፣ ማሳውን የሚገልጸው በምሥራቅ እገሌ፣ በምዕራብ እገሌ፣ በሰሜን ጅረት እያለ አዋሳኞቹን በመጥራት ነው፤ አዋሳኙ ሲሞት መሬቱ ለልጆቹ ይከፋፈላል፣ ጅረቱም በክረምት ጎርፍ መንገዱን ይቀይራል፣ ጎረቤትም በየዓመቱ አንድ ፈር እየጨመረ ድንበሩን ሲያርስ ማንም ልብ ሳይለው ወሰኑ ይሸሻል። ዳኛው በዚህ ደብተር ላይ ተመሥርቶ «ተከሳሹ የገፋውን ይልቀቅ» ብሎ ቢፈርድ፣ የገፋው ስንት ክንድ እንደሆነ ያልተናገረ ፍርድ ስለሆነ፣ ትእዛዙን ይዞ ማሳው ላይ የሚቆመው ፖሊስ የሚያስፈጽመው ነገር የለውም። የፖሊስ ቸልተኝነት እየተባለ የሚወቀሰው ብዙው ነገር የፍርዱ ጉድለት ነው። በሁለተኛው ደረጃ የሚሰጠው ካርታ ያለበት ደብተር ይህን ክፍተት በእጅጉ ያጠብበዋል።

ወዳጁ አሁንም አልረካም፤ «ባለመሬቱ ራሱ ቢያስወጣውስ?» ይላል። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1148 ባለይዞታ የደረሰበትን ሁከት ወዲያውኑ በኃይል እንዲመልስ ይፈቅዳል፤ ጊዜው ካለፈ ግን ቀሪው መንገድ በአንቀጽ 1149 መሠረት ሁከት ይወገድልኝ ብሎ በ2 ዓመት ውስጥ መክሰስ ነው። ሕጉን ጥሎ ጠመንጃ የሚያነሣ ሰው ግን፣ ፍርድ ቢኖረውም እንኳ፣ ከባለመብትነት ወደ ተከሳሽነት ይዞራል።

ጊዜውም የራሱን ችግር ጨምሯል፤ በክልሉ በሐምሌ 2015 ዓ.ም. የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ያሳወጀው ግጭት በቀጠለበት ሁኔታ፣ ከወረዳው ከተማ ርቆ ወዳለ ቀበሌ ሁለት ፖሊስ መላክ ለአንድ ጣቢያ አዛዥ ቀላል ትእዛዝ አይደለም። ገብሱ ማሳው ላይ እንደቆመ ወሰን ልትከል ብሎ መሄድም ጠብ መጋበዝ ስለሆነ፣ ችሎቱ ቀን ሲቆርጥ የአዝመራውን ወቅት ቢያይ ይበጃል።

ስለዚህ የድንበር ክስ ያለው አንባቢ፣ ፍርዱ ከመሰጠቱ በፊት ባለሙያ መሬቱን ለክቶ ንድፉ ከመዝገቡ ጋር እንዲያያዝ፣ የሚለቀቀው ስፋትም በቁጥር በፍርዱ እንዲሰፍር ችሎቱን ይጠይቅ። ከተፈረደለት በኋላም አይዘግይ፤ ፍርዱ በተሰጠ በ10 ዓመት ውስጥ ያልቀረበ የአፈጻጸም ማመልከቻ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 384 መሠረት ተቀባይነት የለውም።