ሳንሱሩ ሳይሆን ጌሙ ራሱ ነው

«አጎኒ» የተባለው የሲኦል ጌም ለምን እንደከሸፈ ሲጠየቅ ተከራካሪዎቹ የሚሰጡት መልስ አንድ ነው፦ «ቆራርጠውት ነው»። መልሱ ለሠሪዎቹ በጣም ይመቻል። ማስረጃው ግን አይደግፈውም።

ሠሪው ማድማይንድ ስቱዲዮ የፖላንድ ድርጅት ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 በኪክስታርተር ከጌም ወዳጆች መዋጮ ሲጠይቅ ያስቀመጠው ግብ 66,666 የካናዳ ዶላር ነበር። (ከቁጥሩ ጀምሮ ነጋዴነቱን ልብ ይሏል።) ሰውም ከተጠየቀው በላይ አዋጣ። የተሸጠለት አማላይ ሴት አጋንንት የሚርመሰመሱበት፣ ሌላው ለማሳየት ያልደፈረው ሲኦል ነው።

ከዚያ የዕድሜ ገደቡ መጣ። አሜሪካ ውስጥ ጌሞችን በዕድሜ የሚመድበው ኢኤስአርቢ «ለአዋቂዎች ብቻ» ያለውን ጌም ሶኒም ማይክሮሶፍትም በኮንሶላቸው አያስገቡም። ይህ ደንብ ለዓመታት የታወቀ ነው፤ ስቱዲዮው ገንዘብ ሲሰበስብ ያላወቀው ነገር አልነበረም። ግንቦት 2018 ጌሙ ተቆርጦ ወጣ። ለኮምፒውተር ተጫዋቾች የተቆረጠውን የሚመልስ ፓች ይመጣል ተባለ፤ ብዙም ሳይቆይ በሕግ ምክንያት ቀረ ተባለ። ቀድሞ የከፈለው ሰው መናደዱ ተገቢ ነው።

ይሁንና ጥቅምት 31 ቀን 2018 ያልተቆረጠው «አጎኒ አንሬትድ» ራሱን ችሎ በስቲም ለሽያጭ ቀረበ። ጠፋ የተባለው ሁሉ ተመለሰ። ታዲያ ጌሙ ዳነ? አልዳነም። መንገዱ ያው የሚያደናግር ዋሻ፣ ድብብቆሹም ያው አሰልቺ ድብብቆሽ ነው። ተጫዋቹ ትንፋሹን ውጦ ጥግ ይይዛል፣ ይያዛል፣ ይሞታል፣ እንደገና ይጀምራል። ለአምስት ደቂቃ ያስደነግጣል። በሁለተኛው ሰዓት እርቃን ገላውም ደሙም እንደ ግድግዳ ቀለም ይሆናል፤ ዓይን አያየውም።

የሚያናድደው ደግሞ ውስጡ ጥሩ ሐሳብ መኖሩ ነው። ተጫዋቹ ማንነቱን የረሳ ነፍስ ነው፤ ሥጋው ሲሞት ሌላ ኩነኔ ላይ ያለ ሰው ገላ ውስጥ ይገባል። ለዚህ ግን አስቀድሞ የዚያን ሰው ፊት የሸፈነውን ጆንያ ማውለቅ አለበት። በሲኦል ውስጥ የሌላውን ፊት የሚገልጠው ሊለብሰው ሲፈልግ ብቻ ነው! ይህቺ አንዲት ድርጊት ከአጋንንቱ ሁሉ በላይ ትዘገንናለች። ለእሷ ዕድሜ የሚገድብ መሥሪያ ቤት አያስፈልግም፣ ማንም አልቆረጣትም። ስቱዲዮው ግን እንደ በር መክፈቻ ቁልፍ ተጠቅሞባት አለፈ፤ ጉልበቱን ያፈሰሰው የሴት ገላን ጌጥ በማድረግ ላይ ነበር።

«ሰይጣን አምላኪዎች ናቸው» እያሉ የሚጮኹትም በሌላ በኩል ያንኑ ገበያ ያሟሙቃሉ። ስቱዲዮው ከዚህ ጩኸት የተሻለ ማስታወቂያ በገንዘብም አያገኝም።

በ2021 ይኸው ስቱዲዮ «ሳኩበስ»ን ለቀቀ። በዚህኛው አማላይዋ ጋኔን ራሱ ተጫዋቹ ነው። ቅስቀሳው አልተለወጠም፦ ደም፣ እርቃን፣ «ለደካማ ልብ አይሆንም»።