ሬስሊንግ ይከልከል ወይስ እንማረው?

ዛሬ የምጽፈው ስለ ሬስሊንግ ነው። ርእሱን አይታችሁ «ይሄ ልጅ ደግሞ!» እንዳትሉኝ፤ እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ።

ባለፈው መንፈቅ ዓመት በእረፍት ሰዓት አንድ ልጅ እጁ እንደተሰበረ ሁላችሁም ታውቃላችሁ። የጣልኩት እኔ ነኝ። ተጣልተን አልነበረም፤ ጓደኛዬ ነው፣ ስንጫወት ነው። ከወገቡ አንስቼ ገለበጥኩት። ሊወድቅ ሲል እጁን ዘርግቶ መሬቱን ተደገፈ፤ አንጓው ላይ ተሰበረ። እጁ በጀሶ ታስሮ መጻፍ ስላልቻለ አንድ ወር ሙሉ ደብተሩን የጻፍኩለት እኔ ነኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በግቢያችን ማንኛውም ትግል ተከልክሏል። ሲታገል የተገኘ ይንበረከካል፣ ወላጅም ያመጣል።

መምህራኖቻችን መናደዳቸው ልክ ነው። ክልከላው ግን በእኔ አስተያየት ግማሹ ልክ ነው፣ ግማሹ ደግሞ ልክ አይደለም። ምክንያቴን ልንገራችሁ።

ያንን አጣጣል ያየነው የአክስቴ ልጅ በፍላሽ ካመጣው የጃፓን ሬስሊንግ ነው። ቶኪዮን የምናውቃት አበበ ቢቂላ በ1957 ዓ.ም ማራቶን ያሸነፈባት ከተማ ብለን ነው። በዚችው ከተማ ቶኪዮ ዶም በሚባል ትልቅ ስታዲየም በየዓመቱ ታኅሣሥ 26 አካባቢ፣ እኛ ለገና በግ ስንጠባበቅ፣ ሬስል ኪንግደም የሚባል ዝግጅት አለ። እኛ ያየነው የ2009 ዓ.ሙን ነው። በአንድ ምሽት ብዙ የሻምፒዮና ቀበቶዎች ናቸው የሚቀርቡት፤ የከባድ ሚዛን፣ የቀላል ሚዛን፣ የሁለት የሁለት ሰው፣ የሦስት የሦስት ሰው ቡድን። በመጨረሻው ግጥሚያ ካዙቺካ ኦካዳ ኬኒ ኦሜጋ የሚባለውን ካናዳዊ አሸንፎ ቀበቶውን አስጠበቀ። ከ46 ደቂቃ በላይ ነው የፈጀው። ከአንድ ክፍለ ጊዜ ይበልጣል እኮ!

እኛ ክፍል ሁለት ወገን አለ። አንዱ «እውነተኛ ጠብ ነው» ይላል፤ ሌላው «ውሸት ነው፣ ምንም አይጎዱም» ይላል። ሁለቱም ተሳስተዋል። ማን እንደሚያሸንፍ አስቀድሞ ተወስኗል፤ እዚህ ላይ ትርኢት ነው። ሰውነቱ ግን እውነተኛ ሰውነት ነው፣ ወለሉም እውነተኛ ወለል ነው። በዚያ ምሽት ካትሱዮሪ ሺባታ የሚባል ሰው ከጎቶ ጋር ገጥሞ ቀበቶውን ተነጠቀ። ከሦስት ወር በኋላ፣ ሚያዝያ 1 ቀን 2009 ዓ.ም፣ ያው ሺባታ ከኦካዳ ጋር ሲጋጠም በግንባሩ በኃይል መታው። ግጥሚያው እንዳለቀ ግን የወደቀው ራሱ ሺባታ ነው። ጭንቅላቱ ውስጥ ደም ፈስሶ ቀዶ ሕክምና ተደረገለት፤ ከዚያም ለዓመታት ሳይጋጠም ቀረ። ስንት ዓመት የሠለጠነ ሰው ነው እንዲህ የሆነው። እኛ በጠጠር ሜዳ ላይ ምን ልንሆን ነው?

ፍላሹ ላይ የማይታይ ሌላ ነገርም አለ። እዚያ ጀማሪዎቹ «ወጣት አንበሶች» ይባላሉ። ዶጆ በሚባል ማሠልጠኛ እየኖሩ ይጠርጋሉ፣ ምግብ ያበስላሉ፣ ጥቁር ቁምጣ ብቻ ለብሰው ይሠለጥናሉ። ሰው መወርወር ከመማራቸው በፊት መውደቅ ይማራሉ። አገጭን ወደ ደረት ማስጠጋት፣ እጅን ዘርግቶ መሬት አለመደገፍ፣ በጀርባ ሰፋ ብሎ ማረፍ፤ ይሄ ሁሉ ትምህርት ነው። ጓደኛዬ ይህን ቢያውቅ ኖሮ እጁ ላይሰበር ይችል ነበር። እኔም ባውቅ ኖሮ አላነሳውም ነበር።

ይሄ ነገር ደግሞ ለእኛ አገር አዲስ አይደለም። አያቴ ያደጉት ዳባት ነው። እረኛ እያሉ ሲታገሉ ድንጋይ ያለበት ቦታ አይገጥሙም ነበር፤ ሣር ወይም ጭድ ያለበት አውድማ ይፈልጋሉ። ጠልፎ መጣል ይቻላል። ጡጫ፣ እርግጫና አንገት ማነቅ ግን ነውር ነው። ጀርባው መሬት የነካ ተሸነፈ፣ በቃ። የጣለው ልጅ የወደቀውን አንስቶ አቧራውን ያራግፍለታል። ትግል ከገና፣ ከገበጣ፣ ከፈረስ ጉግስና ከቀስት ጋር በባህል ስፖርቶች ውድድር ላይ የሚቀርብ ስፖርት ነው። ታዲያ አገር የሚወዳደርበት ስፖርት በእኛ ግቢ እንዴት ጥፋት ይሆናል?

«ሜዳው ድንጋይ ነው፣ ተማሪው ብዙ ነው፣ ማን ይቆጣጠራል?» የሚሉ መምህራን አሉ። እውነት ነው። ግን ብንከለከልም ከአጥር ውጭ ስንታገል እያያችሁ ነው፤ እዚያ ደግሞ ዳኛም የለ፣ ነርስም የለ። ስለዚህ ሦስት ነገር እጠይቃለሁ። አንደኛ፣ አንስቶ መወርወር፣ አንገት መያዝና ከዴስክ ላይ መዝለል እንደተከለከለ ይቀጥል፤ እዚህ ላይ እኔም ከመምህራኑ ጋር ነኝ። ሁለተኛ፣ በሰውነት ማጎልመሻ ክፍለ ጊዜ መውደቅ እንማር፤ ለዚህ የሚያስፈልገው አንድ ጥግ ላይ የተደፋ አሸዋ ነው፣ አሸዋውን እኛው በጆንያ ተሸክመን እናመጣለን። ሦስተኛ፣ አያቶቻችን የሚያውቁት ትግል መምህር እየዳኘው ይፈቀድ።

ለእናንተ ለጓደኞቼ ደግሞ አንድ ነገር ልበል። የሁለተኛና የሦስተኛ ክፍል ልጆች እኛን እያዩ ነው የሚሠሩት። ባለፈው ሰኞ ሁለት ሕፃናት አንገት ለአንገት ተያይዘው አየሁና ገላገልኳቸው። «አንተስ?» አሉኝ። መልስ አልነበረኝም።

የጓደኛዬ እጅ አሁን ድኗል። ይህን ጽሑፍ ለሚኒ ሚዲያ ክበብ ከመስጠቴ በፊት ለእሱ አስነበብኩት። «እኔም መውደቅ መማር እፈልጋለሁ፤ ግን መጀመሪያ አንተ ውደቅ» አለኝ። እሺ ብያለሁ። አሸዋው ይምጣ ብቻ።